የአንግል ኦፍ አታክ ጠቋሚ በአዲስ አበባ ዙሪያ፦ መግጠሙ ቀላል፣ ማመኑ ከባድ

ከሰዓት በኋላ በለገጣፎና በአያት በኩል ዞሮ ወደ ቦሌ ለማረፍ የሚመጣ ሴስና 172 የተባለ አነስተኛ አውሮፕላን እናስብ። የፍጥነት ጌጁ 65 ኖት (በሰዓት 120 ኪሎ ሜትር ገደማ) ይላል፤ የአውሮፕላኑ መጽሐፍም የሚያዘው ይህንኑ አካባቢ ነው። አብራሪው በመስኮት ሲመለከት ግን የቆርቆሮው ጣሪያ፣ አስፋልቱና የኮንዶሚኒየሙ ብሎክ ከለመደው ፈጥኖ ከሥሩ ያልፋል። ዓይኑ አልዋሸውም። የቦሌ መንደርደሪያ ከባሕር ወለል በላይ ከ7,600 ጫማ ይበልጣል። የአየሩ ሙቀት 24 ዲግሪ በሆነ ቀን አየሩ የሚሳሳው በመደበኛ ቀን 10,400 ጫማ ላይ የሚሳሳውን ያህል ነው። በዚህ አየር ጌጁ 65 ሲል አውሮፕላኑ በእውነት የሚጓዘው በ76 ኖት ገደማ ነው። ከጀርባ የ10 ኖት ነፋስ ከታከለበት መሬቱ በ86 ኖት ይሸሻል።

አደጋው የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ፈጥኛለሁ ብሎ ያሰበ አብራሪ ሳያስበው አፍንጫውን ከፍ ያደርጋል። ነፋሱ ስለገፋው የመንደርደሪያውን መስመር አልፎ ይሄዳል፤ ለመመለስ ማዘንበሉን ያጠብቃል፤ መሪውንም ይስባል። ይህ ሁሉ የሚሆነው ከመሬት ጥቂት መቶ ጫማ ከፍ ብሎ ነው። እዚያ ላይ ክንፉ ስቶል ቢያደርግ፣ ማለትም የማንሣት ጉልበቱን ቢያጣ፣ ለማስተካከል የሚሆን ከፍታ የለም።

የፍጥነት ጌጅ ስቶልን በቀጥታ አይለካም። ክንፍ ስቶል የሚያደርገው ፍጥነቱ ስላነሰ ሳይሆን አየሩ የሚመታበት ማዕዘን ከልክ ስላለፈ ነው። ይህ ማዕዘን አንግል ኦፍ አታክ ይባላል። ለብዙ ቀላል አውሮፕላኖች ልኩ ከ15 እስከ 18 ዲግሪ አካባቢ ነው። አፍንጫው ከአድማስ በላይ ስንት ዲግሪ ቆሟል ከሚለው ጋር ማምታታት አይገባም። እ.ኤ.አ. በ2009 አትላንቲክ ላይ የወደቀው የኤር ፍራንስ በረራ 447 ውኃውን ሲመታ አፍንጫው 16 ዲግሪ ያህል ወደ ላይ ነበር፤ የሚወርደው ግን በደቂቃ ከ10,000 ጫማ በላይ ነው። በውድቀቱ አብዛኛው ጊዜ አንግሉ ከ35 ዲግሪ በላይ ነበር። ኮክፒት ውስጥ ይህን ቁጥር ለብቻው የሚያሳይ ጌጅ አልነበረም። የፈረንሳይ መርማሪዎችም እ.ኤ.አ. በ2012 ባወጡት የመጨረሻ ሪፖርት አብራሪዎች አንግሉን በቀጥታ የሚያዩበት ጠቋሚ መግጠም እንዲጠና ሐሳብ አቅርበዋል።

በሴስና 172ኤስ ምሳሌ ልዩነቱን በቁጥር እንየው። አውሮፕላኑ ሙሉ ክብደቱን 1,157 ኪሎ ይዞ፣ ፍላፕ (ለማረፊያ ከክንፉ ጀርባ ወደ ታች የሚወርደው ክፍል) ሳይወርድ፣ የጌጁ ስህተት ተስተካክሎ ሲሰላ ስቶል የሚያደርገው በ53 ኖት ነው። 30 ዲግሪ ሲያዘነብል 57 ይሆናል፤ 45 ዲግሪ ላይ 63፤ 60 ዲግሪ ላይ 75። አንድ ሰው ብቻ ተሳፍሮ 900 ኪሎ ከሆነ ደግሞ ቀጥ ብሎ ሲበር ወደ 47 ይወርዳል። በ65 ኖት እየመጣ መታጠፊያውን 45 ዲግሪ ላይ ያጠበቀ አብራሪ፣ ከፍታውን ሳይለቅ ከያዘና ፍላፕ ካላወረደ፣ ከስቶል የሚለየው 2 ኖት ብቻ ነው። በእነዚህ ሁኔታዎች ሁሉ ፍጥነቱ እየተለዋወጠ አንግሉ ግን ያው ነው። ጠቋሚው ክብደቱን፣ ማዘንበሉንና የአየሩን መሳሳት አንድ ላይ ቆጥሮ መልሱን በአንድ ምልክት ይሰጣል። ቦሌ ላይ ይሁን ድሬዳዋ፣ ምልክቱ ሲመጣ ትርጉሙ አንድ ነው። በከፍታችን የተነሣ ለእኛ ከባሕር ዳርቻ አገሮች ይልቅ የሚጠቅመን ይመስለኛል።

መሣሪያው በብዙ መልክ ይሠራል። በጄቶች የተለመደው ከአፍንጫው ጎን ወጥቶ በነፋሱ የሚዞር ትንሽ ክንፍ፣ ማለትም ቬን ነው። ከክንፉ የፊት ጠርዝ ላይ የሚገጠም ትንሽ ምላስ አየሩ ሲገፋት የምትለካም አለች። በቀላል አውሮፕላን በብዛት የሚገባው ግን ባለ ሁለት ቀዳዳ የግፊት መለኪያ ነው፦ ከክንፉ ሥር የሚንጠለጠል፣ አንዱ ቀዳዳ ወደ ፊት፣ ሌላው ወደ ታች ያዘነበለ፣ ከጣት እምብዛም የማይበልጥ ብረት። አንግሉ ሲጨምር የታችኛው ቀዳዳ ግፊት ከፊተኛው ጋር ሲነጻጸር ይጨምራል፤ ኮምፒዩተሩ ይህንን ንጽጽር ወደ መብራት ይለውጠዋል። አራተኛው ዓይነት ምንም ብረት አይጨምርም። አውሮፕላኑ ላይ ካሉት ጋይሮ (የአውሮፕላኑን አቀማመጥ የሚለካ መሣሪያ)፣ ፍጥነትና ጂፒኤስ አንግሉን በሒሳብ ያወጣል። ማራኪ ነው፤ ቀዳዳ አይበሳም፣ ቱቦ አይዘረጋም። ነገር ግን የፍጥነቱ መረጃ ከተበላሸ አንግሉም አብሮ ስለሚበላሽ ከፍጥነት ጌጁ ፍጹም የተለየ ምስክር ነው ማለት አይቻልም።

የፈቃዱ ነገር በአጭሩ ይህ ነው። የአሜሪካ የአቪዬሽን አስተዳደር እ.ኤ.አ. በ2014 ለቀላል አውሮፕላኖች የሚሆኑ፣ ግዴታ ያልሆኑ ጠቋሚዎችን የማጽደቁን ሂደት አቅልሎታል። ዋናው ሁኔታ ጠቋሚው ተጨማሪ መረጃ ሰጪ እንዲሆን፣ የነበረውን መሣሪያ እንዳይተካና እንዳይረብሽ ነው። እዚህ ግን አውሮፕላኑ በኢትዮጵያ መዝገብ ካለ ሰነዱ በኢትዮጵያ ሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን በኩል ማለፍ አለበት። የውጭ ወረቀት ብቻ ይዞ መሰርሰር የጀመረ ሃንጋር በኋላ የአውሮፕላኑን የብቃት ማረጋገጫ ማሳደስ ሲፈልግ ይቸገራል። ዕቃው ከመታዘዙ በፊት የለውጡን ፋይል ማስገባት ይሻላል።

ግፊት ለኪውን መግጠም የሁለት ቀን ሥራ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ብዙዎቹ ኪቶች የሚገጠሙት በክንፉ ሥር ባለው የፍተሻ ክዳን ላይ ነው። ነባሩ ክዳን ተፈትቶ ይቀመጣል፤ አዲሱ ክዳን መለኪያውን ይዞ ይገባል፤ የክንፉ ቆዳ አዲስ ቀዳዳ አያገኝም። ቦታው ከፕሮፔለሩ ንፋስ ውጭ፣ ከክንፉ ድጋፍ ምሰሶና ከጎማው የራቀ መሆን አለበት። ከክዳኑ እስከ ኮክፒቱ ሁለት ቀጫጭን ቱቦዎች በክንፉ ውስጥ ያልፋሉ። ከመዘርጋታቸው በፊት ጫፍና ጫፋቸው ላይ የተለያየ ቀለም ያለው ቴፕ መጠቅለል ቀላል ይመስላል፤ ካልተጠቀለለ ግን ክንፉ ውስጥ ከገቡ በኋላ የትኛው የትኛው እንደሆነ ማንም አያውቅም። ሁለቱ ቱቦዎች ከተቀያየሩ ጠቋሚው ከመሞት የባሰ ነገር ያደርጋል፦ አንግሉ ሲጨምር ቀነሰ ይላል።

ቱቦው አውሮፕላኑን የሚያዘነብለውን የኤይለሮን ኬብል እንዳይነካ በየጥቂቱ መታሰር አለበት። በሹል መታጠፊያ እንዳይጨፈለቅ፣ መሃል ላይ ረግቦ ውኃ የሚጠራቀምበት ሆድ እንዳይሠራም መጠንቀቅ ነው። የኤሌክትሪክ መስመሩ የራሱ ብሬከር ይኑረው፤ አምፔሩ በኪቱ መጽሐፍ ላይ ተጽፏል። ጠቋሚው ራሱ ከዳሽቦርዱ በላይ፣ አብራሪው መንደርደሪያውን እያየ በዓይኑ ጠርዝ በሚያገኘው ቦታ ይቀመጣል። ታች ሬዲዮ ጎን የተሰካ ጠቋሚ የገንዘብ ብክነት ነው፤ በመጨረሻው መታጠፊያ ላይ ማንም ወደ ታች አያይም። ላይኛው ቦታ ግን ኮምፓሱ አጠገብ ነውና ከተገጠመ በኋላ ሞተርና ሬዲዮ ተከፍቶ ኮምፓሱ እንደገና መመርመር አለበት። በመጨረሻ የግፊት ፍሳሽ ምርመራ ይደረጋል፦ በመጽሐፉ በተፈቀደው ዝቅተኛ ግፊት፣ በመርፌ ቀስ እየተባለ። በአፍ ወይም በኮምፕሬሰር የነፋ ሰው ሴንሰሩን ገድሎ ገና በበረራ ላይ ያውቀዋል። ክብደቱ ጥቂት ቢሆንም በክብደትና ሚዛን ወረቀቱ ላይ ይመዘገባል።

እስከዚህ ድረስ ጥሩ ቴክኒሻን የሚወጣው ሥራ ነው። ጠቋሚውን ጠቋሚ የሚያደርገው ግን ካሊብሬሽኑ፣ ማለትም ምልክቶቹን ከክንፉ እውነተኛ ሁኔታ ጋር ማስተካከሉ ነው፤ ብዙ ጊዜ የሚበላሸውም እዚህ ላይ ነው።

መሬት ላይ፣ መለኪያው ተሸፍኖ፣ ዜሮው ይያዛል። ከዚያ አየር ላይ በጠዋት፣ አየሩ ሳይናወጥ ይወጣል፤ ከእንጦጦ ሸንተረር የሚነሣው የቀን ሙቀት ከጀመረ መብራቱ ስለሚዘል ምንም ማስቀመጥ አይቻልም። ከመሬት በላይ ቢያንስ 3,000 ጫማ ያስፈልጋል። እዚህ ላይ የቦታ ምርጫ ይገባል። ሱሉልታ ሜዳ ላይ 3,000 ጫማ ጨምሮ መውጣት አውሮፕላኑን ወደ 11,500 ጫማ ያደርሰዋል። ቱርቦ የሌለው ሞተር እዚያ ላይ ከባሕር ወለል ጉልበቱ ሁለት ሦስተኛውን ያህል ነው የሚሰጠው፤ ከስቶል ልምምድ በኋላ ከፍታውን መልሶ ለማግኘት ረጅም ጊዜ ይወስዳል፤ ከ10,000 ጫማ በላይ ከ30 ደቂቃ በላይ ከተቆየም የኦክስጅን ጥያቄ ይመጣል። በዱከም በኩል ያለው ዝቅተኛ መሬት ይህንን ወደ 9,400 ጫማ ያወርደዋል። በዚያ በኩል ግን የቦሌ መግቢያና መውጫ መስመርም የቢሾፍቱ አየር ኃይል ሰፈርም አለ፤ ከበረራ ተቆጣጣሪዎች ጋር አስቀድሞ ቦታና ከፍታ ሳይያዝ የሚሞከር አይደለም።

ወሳኙ ነጥብ የማረፊያው ምልክት ነው፤ በብዙ ጠቋሚዎች ላይ ትንሽ ቀለበት ሆና ትታያለች። ይህች ምልክት የምትቀመጠው አብዛኛውን ጊዜ በስቶል ፍጥነት 1.3 እጥፍ ላይ ነው። ብዙ ሰው ጌጁ ላይ ያየውን የስቶል ፍጥነት በ1.3 ያባዛል። ሴስና 172ኤስ ፍላፑን ሙሉ አውርዶ ስቶል ሲያደርግ ጌጁ 40 ኖት ያሳያል፤ 40 በ1.3 ሲባዛ 52። ነገር ግን አውሮፕላኑ አፍንጫውን አንሥቶ በዝግታ ሲሄድ ፒቶው (ለፍጥነት ጌጁ አየር የሚቀበለው ቱቦ) አየሩን በጎን ስለሚቀበል ጌጁ አሳንሶ ያሳያል፤ እውነተኛው የስቶል ፍጥነት 48 ነው። 48 በ1.3 ሲባዛ 62 ይሆናል። የአውሮፕላኑ መጽሐፍ ለአጭር መንደርደሪያ የሚሰጠው 61 ኖት መሆኑ ዝም ብሎ የመጣ አይደለም። ቀለበቷን 52 ላይ ያስቀመጠ ሰው አብራሪውን የሚያሠለጥነው ከሚገባው በላይ ወደ ስቶል ተጠግቶ እንዲመጣ ነው። ያኔ ጠቋሚው ባይኖር ይሻል ነበር።

ቀጥሎ ፍላፕ አለ። ፍላፕ ሲወርድ ክንፉ የበለጠ ያነሣል፤ ስቶል የሚያደርግበት አንግል ግን ይቀንሳል። ኪቱ የፍላፕ ቦታ የሚያነብ ሽቦ ካለው ሁለት ካሊብሬሽን መያዝ ይችላል። ከሌለው አንዱን መምረጥ ግድ ነው። ፍላፕ ሳይወርድ የተያዘ ካሊብሬሽን ለማረፊያ ዘግይቶ ያስጠነቅቃል። ፍላፕ ወርዶ የተያዘው ደግሞ ቀድሞ ይጮኻል፤ ቀድሞ መጮኹ ይሻላል፤ ግን ሲነሡ በየጊዜው ቢጫ ሲያዩ አብራሪዎች ይሰላቹና ድምፁን ማጥፋት ይለምዳሉ። ይህን ምርጫ አውሮፕላኑ መጽሐፍ ውስጥ በሚገባው ተጨማሪ ገጽ ላይ በግልጽ መጻፍ ያስፈልጋል፤ አለዚያ የሚቀጥለው አብራሪ መሣሪያው የተበላሸ ይመስለዋል።

ከተገጠመ በኋላ የሚመጡት ችግሮች ተራ ናቸው። ተርብ ቀዳዳው ውስጥ ጭቃ ትጠቀጥቃለች፤ ሁለት ቀን ያለ ሽፋን ማደር ይበቃታል። በክረምት ውኃ ቱቦው ውስጥ ገብቶ ምልክቱ ቀስ እያለ እንዲመጣ ያደርጋል። አውሮፕላን የሚያጥብ ሰው የውኃውን ቱቦ ቀጥታ ወደ ቀዳዳው ያነጣጥራል። በበጋ አቧራ ነው። ሃንጋር ውስጥ መለኪያውን በጭንቅላቱ ወይም በመሰላል ገጭቶ ትንሽ ያጣመመ ሰው ምናልባት ለማንም አይናገርም፤ ሁለት ዲግሪ የጠመመ መለኪያ ደግሞ በዓይን አይታይም። ማሞቂያ የሌለው መለኪያ በደመና ውስጥ በረዶ ሊይዘው ይችላል። አውሮፕላኑ ወደ ጎን ተንሸራቶ ሲበር ንባቡ ይዛባል፤ በጎን ነፋስ መንሸራተትን እየተጠቀሙ የሚያርፉ ሰዎች ይህንን ከወዲሁ ማወቅ አለባቸው።

ሁሉም ስህተቶች ግን እኩል አይደሉም። የሞተ ጠቋሚ አያሳስትም፤ ጨለማውን ያየ አብራሪ ወደ ፍጥነት ጌጁ ይመለሳል። አደገኛው በሙሉ ልብ የሚዋሽ ነው።

ይህንን በዚህ አካባቢ ለማስረዳት ብዙ ርቆ መሄድ አያሻም። መጋቢት 1 ቀን 2011 ዓ.ም. ከጠዋቱ 2 ሰዓት ከ38 ላይ ከቦሌ የተነሣው የኢትዮጵያ አየር መንገድ በረራ 302 (ቦይንግ 737 ማክስ)፣ ከ6 ደቂቃ በኋላ በቢሾፍቱ አቅራቢያ ቱሉ ፈራ ላይ ሲወድቅ 157 ሰዎች ሕይወታቸውን አጥተዋል። አውሮፕላኑ እንደተነሣ የግራው ቬን 74.5 ዲግሪ ማለት ጀመረ፤ የቀኙ 15.3 አካባቢ ነበር። ኤምካስ የተባለው፣ አንግሉ ሲበዛ አፍንጫውን በራሱ ዝቅ የሚያደርገው ሥርዓት የሚሰማው አንዱን ብቻ ነበርና የግራውን አምኖ አፍንጫውን ደጋግሞ ወደ ታች ገፋ። በአንድ ምስክር አይፈረድም የሚለው የቆየ ሕግ በዚያ ሶፍትዌር ውስጥ አልተጻፈም ነበር። ቬኑ ለምን እንደተበላሸ እስከ ዛሬ አንድ ድምፅ የለም፤ በታኅሣሥ 2015 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ የመጨረሻ ሪፖርት ከምርት ጋር የተያያዘ የኤሌክትሪክ ችግርን ሲያነሣ፣ የአሜሪካ መርማሪዎች ቬኑ ምናልባት ወፍ መትቶት ተገንጥሏል ብለዋል።

ከዚያ አራት ወር ተኩል ገደማ በፊት በጥቅምት 2011 ዓ.ም. ኢንዶኔዥያ ላይ የወደቀው ተመሳሳይ አውሮፕላን ታሪክ ደግሞ የካሊብሬሽን ታሪክ ነው። የተጠገነ ሴንሰር 21 ዲግሪ ተዛብቶ ተገጥሞ ነበር። የኢንዶኔዥያ መርማሪዎች እንደሚሉት፣ በጥገናው ጊዜ በመፈተሻ መሣሪያው ላይ ያለች አንዲት ማብሪያ በተሳሳተ ቦታ ላይ ሳትሆን አትቀርም። ከተገጠመ በኋላ የሚደረገው ሙከራ 21 ዲግሪን ማውጣት ነበረበት። አልወጣም።

ታዲያ ጠቋሚ ቢኖርስ? በማክስ ላይ የአንግል ጠቋሚው አየር መንገዶች ከፈለጉ ተጨማሪ የሚያዝዙት ነበር። የሁለቱ ሴንሰሮች ልዩነት ከ10 ዲግሪ በልጦ ከ10 ሰከንድ በላይ ሲቆይ የሚበራው ማስጠንቀቂያ ግን ለሁሉም እንዲኖር የታሰበ ነው። በሶፍትዌር ስህተት የሠራው ጠቋሚውን ባዘዙት ላይ ብቻ ሆነ። አምራቹ ይህንን እ.ኤ.አ. በ2017 አውቆ ለኋላ አሳደረው። ጠቋሚ ብቻውን በረራ 302ን ያድን ነበር ማለት አይቻልም፤ መሪው ስቶል መጣ ብሎ ለማስጠንቀቅ እየተንቀጠቀጠ፣ የግራና የቀኝ ጌጆች ፍጥነትና ከፍታ እየተለያዩ፣ አፍንጫው እየወረደ ባለበት ሰከንድ አንድ ተጨማሪ ጌጅ ብዙ ላይረዳ ይችላል። ሆኖም 74 ዲግሪ ላይ ቆሞ ሽቅብ የሚወጣ ክንፍ የለም። ያንን ቁጥር በዓይኑ ያየ አብራሪ የተሳሳተው ሴንሰሩ መሆኑን ለመገመት ሌላ ማስረጃ አያስፈልገውም።

ለጄቶች ጠቋሚ አያስፈልግም የሚሉት ወገኖች የሚያነሡት ነጥብ ባዶ አይደለም። የፍጥነቱ ስኬል ላይ ከታች የሚወጣው ቀይና ጥቁር መስመር ከአንግሉ ተሰልቶ ነው የሚመጣው፤ አብራሪው በተዘዋዋሪ እያየው ነው ይላሉ። ድክመቱ አንግሉ ሲበላሽ መስመሩም አብሮ መበላሸቱ፣ ምክንያቱ ግን አለመታየቱ ነው። አሁን የተስተካከለው ማክስ ሁለቱን ሴንሰሮች ያነጻጽራል፤ ፍላፕ ተሰብስቦ በ5.5 ዲግሪ ከተለያዩ ኤምካስ አይሠራም። የአሜሪካ ምክር ቤትም በታኅሣሥ 2022 እ.ኤ.አ. ባወጣው ሕግ ሁሉም ማክሶች የተሻሻለ የአንግል ሥርዓትና የመሪውን መንቀጥቀጥ ማጥፊያ እንዲኖራቸው አዝዟል፤ ነባሮቹ ማክስ 10 የተባለው የዚሁ አውሮፕላን ዓይነት ፈቃድ ካገኘ በኋላ በ3 ዓመት ውስጥ ይህ ይገጠምላቸዋል። የተሻሻለው ሥርዓት በሒሳብ የሚገኝ ሦስተኛ አንግል ይጨምራል። በመጠኑ ሲታይ በሴስናው ላይ ያለ ብረት የሚሠራው ዓይነት ነው። ልዩነቱ እዚያ የሚቀጠረው ጠቋሚ እንዲሆን ሳይሆን ሁለቱ ቬኖች ሲጣሉ እንዲዳኝ መሆኑ ነው።

አንድ መለኪያ ብቻ ያለው ቀላል አውሮፕላን ሦስተኛ ዳኛ የለውም፤ ዳኛው የአብራሪው ልማድ ነው። ከበረራ በፊት ሽፋኑን አንሥቶ ሁለቱን ቀዳዳዎች በብርሃን ማየት፣ የራሱን ሙከራ ማስጀመርና ሁሉም መብራት መምጣቱን ማረጋገጥ አንድ ደቂቃ አይፈጅም። ከዚያ የበለጠ የሚጠቅመው ማስታወሻ ነው። በእያንዳንዱ ማረፊያ ላይ፣ ፍላፕ ሙሉ ወርዶ፣ ቀጥ ባለ በረራ ቀለበቷ በበራችበት ጊዜ ጌጁ ስንት እንዳለና ክብደቱ ስንት እንደነበረ በበረራ መዝገቡ ጠርዝ ላይ ይጻፍ። ለወር ያህል በአንድ ክብደት 62 ስትል የነበረች ቀለበት አንድ ቀን ከክረምት ዝናብ በኋላ 57 ላይ ከመጣች ክንፉ አልተለወጠም፤ ቴክኒሻኑ የፍተሻ ክዳኑን ፈትቶ ቱቦውን ያፍስስ።